የአቶ ይድነቃቸው ተሰማ ሕይወትና ሥራ

የታላላቅ ሰዎችን የሕይወት ታሪክ ማንበብ ለወጣት ተማሪ እጅግ ጠቃሚ ነገር ነው። ሰውየው ምን እንደ ሠራ ብቻ ሳይሆን፣ የሠራውን በምን ዓይነት ችግር ውስጥ ሆኖ እንደ ሠራው ስናውቅ፣ እኛም በበኩላችን ልንሠራው የሚገባንን እናስባለን። በዚህ ዓመት ለመጽሔታችን አንድ ጽሑፍ እንዳዘጋጅ በተጠየቅሁ ጊዜ፣ በመጀመሪያ ያሰብሁት ስለ አንድ ንጉሥ ወይም ስለ አንድ የጦር መሪ ለመጻፍ ነበር። ነገር ግን የእነዚህ ሰዎች ታሪክ በመማሪያ መጻሕፍታችን ስለሚገኝ፣ ስማቸው በኛ ከተማ እምብዛም ስለማይነሣ ስለ አንድ ስፖርተኛ ብጽፍ ይሻላል አልሁ። እኒህም ሰው መጀመሪያ የእግር ኳስ ተጫዋች፣ ቀጥሎ አሠልጣኝ፣ በመጨረሻም የመላው አፍሪካ እግር ኳስ መሪ የነበሩት አቶ ይድነቃቸው ተሰማ ናቸው።

በቀብሪበያ ኳስ የማይወድ ልጅ ማግኘት አስቸጋሪ ነው። ከሰዓት በኋላ ፀሐይዋ በረድ ስትል፣ ነፋሱ አቧራውን እያነሣ ቢያስቸግርም፣ ድንጋይ ደርድሮ ጎል የሚሠራ ልጅ በየሠፈሩ አይጠፋም። ከእነዚህ ልጆች አንዱን ስለ እንግሊዝና ስለ እስፓኝ ቡድኖች ብትጠይቁት፣ የተጫዋቾቹን ስም ከነማልያ ቁጥራቸው ይነግራችኋል። አገራችን ኢትዮጵያ የአፍሪካን ዋንጫ መቼ እንደ ወሰደች፣ ያንንም ቡድን ማን እንዳሠለጠነው ብትጠይቁት ግን ዝም ይላል። እኔም ይህን ታሪክ ለመጻፍ የተነሣሁት ያ ልጅ ለሁለተኛ ጊዜ ሲጠየቅ መልስ እንዲኖረው ነው።

አቶ ይድነቃቸው መስከረም 1 ቀን 1914 ዓ.ም. በጅማ ተወለዱ። አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ ይባላሉ። ነጋድራስ ተሰማ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ወደ ጀርመን አገር ተልከው በዚያ ሳሉ ዘፈናቸውን በሸክላ ያስቀረጹ፣ በቅኔያቸውና በጨዋታቸውም የታወቁ ሰው ነበሩ። እንዲህ ያለ አባት ያለው ልጅ ለቋንቋ ፍቅር ቢያድርበት አያስደንቅም። አቶ ይድነቃቸው በአዲስ አበባ በተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ተምረዋል፤ ከአማርኛም ሌላ ፈረንሳይኛ፣ እንግሊዝኛና ጣልያንኛ ያውቁ ነበር። የቋንቋ ዕውቀት በሜዳ ላይ ጎል አያገባም። ነገር ግን በኋላ ዘመን በስብሰባ አዳራሽ ውስጥ ብዙ ጎል እንዳገባላቸው ወደ ፊት እናያለን።

በ1928 ዓ.ም. ሁለት ነገሮች ሆኑ። በመጀመሪያ፣ አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ የሚባሉ ወጣቶች በአራዳ ሠፈር ቅዱስ ጊዮርጊስ የተባለውን የኳስ ቡድን አቋቋሙ። ከዚያ በኋላ ጥቂት ወራት እንዳለፉ፣ ሚያዝያ 27 ቀን የኢጣልያ ጦር አዲስ አበባ ገባ። በዚያው ሰሞን የጄኔራል ግራዚያኒ ጦር በኦጋዴን በኩል መጥቶ ደገሃቡርን ከያዘ በኋላ ወደ ጅጅጋና ወደ ሐረር ወጣ። ስለዚህ የዚያ ዘመን ታሪክ ለአዲስ አበባ ሰዎች ብቻ ሳይሆን ለኛም አገር ሽማግሌዎች የቅርብ ታሪክ ነው።

ጣልያኖች አገሩን ከያዙ በኋላ ነጩንና ጥቁሩን በሁሉም ነገር ለዩ። በሠፈር ለዩ፤ በመዝናኛ ቦታ ለዩ፤ በኳስ ሜዳም ለዩ። ጥቁሮች ለብቻቸው እንዲጫወቱ፣ ከጣልያን ቡድን ጋር እንዳይገጥሙ ተከለከለ። የቅዱስ ጊዮርጊስ ቡድን እንኳ ስሙን ለውጦ ሊቶሪዮ ውቤ ሠፈር እንዲባል ተገደደ። ወጣቱ ይድነቃቸው በዚህ ቡድን ውስጥ ኳስ መጫወት የጀመሩት እንዲህ ባለ ጊዜ ነበር። እስቲ አስቡት፤ አንድ የአሥራ አምስት ወይም የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ፣ እግሩ ፈጣን፣ ልቡም ደፋር ሆኖ ሳለ፣ በቆዳው ቀለም ምክንያት ከማን ጋር መጫወት እንደሚችልና እንደማይችል ሌላ ሰው ይወስንለታል። እኔ የአቶ ይድነቃቸውን ሕይወት መርምሬ እንደ ተረዳሁት፣ በኋላ የሠሩት ሥራ ሁሉ የተወለደው ከዚህ ጊዜ ነው።

ነፃነት በ1933 ዓ.ም. ከተመለሰ በኋላ ቡድኑ የቀድሞ ስሙን መልሶ ያዘ። በ1936 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የመጀመሪያው የሻምፒዮና ውድድር ሲደረግ የተሰለፉት አምስት ቡድኖች ነበሩ። እነርሱም የኢትዮጵያውያን ቡድን ቅዱስ ጊዮርጊስ፣ የጣልያኖች ቡድን ፎርቲቱዶ፣ የአርመኖች ቡድን አራራት፣ የግሪኮች ቡድን ኦሎምፒያኮስና የእንግሊዝ ወታደሮች ቡድን ነበሩ። ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ ሜዳ ላይ መቆም የተከለከሉ ሰዎች አሁን እየተጨባበጡ ይጋጠሙ ጀመር። በዚያ ዓመት ያሸነፈው የእንግሊዞቹ ቡድን ሲሆን፣ ቅዱስ ጊዮርጊስ የመጀመሪያውን ሻምፒዮንነት ያገኘው በ1942 ዓ.ም. ነው።

አቶ ይድነቃቸው በቅዱስ ጊዮርጊስ ማልያ 23 ዓመት ያህል እንደ ተጫወቱ፣ በ365 ጨዋታም 318 ጎል እንዳገቡ ይነገርላቸዋል። ለብሔራዊው ቡድንም 15 ጊዜ ተሰልፈዋል። የአገራችን ብሔራዊ ቡድን የመጀመሪያውን ዓለም አቀፍ ግጥሚያ ያደረገው በ1940 ዓ.ም. ሲሆን፣ የተጋጠመውም ከጎረቤታችን ከጅቡቲ ጋር ነበር። ጅቡቲ ያን ጊዜ የፈረንሳይ ሶማሌ ትባል ነበር። ኢትዮጵያም 5 ለ 0 አሸነፈች።

ብዙ ተጫዋች እግሩ ሲደክም ታሪኩም አብሮ ይደክማል። የአቶ ይድነቃቸው ግን እንደዚህ አልሆነም። እርሳቸው ጫማቸውን ሊሰቅሉ በተቃረቡበት ጊዜ ሌላ ሥራ ጀምረው ነበር። የካቲት 1 ቀን 1949 ዓ.ም. በካርቱም ከተማ የግብፅ፣ የሱዳን፣ የኢትዮጵያና የደቡብ አፍሪካ መልእክተኞች ተሰብስበው የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽንን አቋቋሙ። ከኢትዮጵያ መልእክተኞች አንዱ አቶ ይድነቃቸው ነበሩ። በዚያው ሳምንት የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ ሊደረግ ታስቦ ነበርና፣ የደቡብ አፍሪካው መልእክተኛ ቡድኑን እንዴት አድርጎ እንደሚያመጣ ተጠየቀ። እርሱም በአገሩ የአፓርታይድ ሕግ መሠረት ወይ ሙሉ በሙሉ ነጮች፣ ወይ ሙሉ በሙሉ ጥቁሮች የሆኑበት ቡድን እንጂ የተቀላቀለ ቡድን ማምጣት እንደማይቻል ገለጸ። ሦስቱ አገሮች ይህን አልቀበልም አሉ። ደቡብ አፍሪካም ከውድድሩ ቀረች።

አንባቢ ሆይ፣ ይህን ነገር ልብ በልልኝ። አዲሱ ማኅበር አራት አባላት ብቻ ነበሩት። አንዱን ማስወጣት ማለት ከአራት እግር ባለው ወንበር አንዱን እግር መንቀል ማለት ነው። ብልጥ ነኝ የሚል ሰው ቢሆን ኖሮ፣ ለጊዜው ዝም እንበል፣ ማኅበሩ ሲጠነክር እናነሣዋለን ይል ነበር። በካርቱም የተሰበሰቡት ሰዎች ግን በመጀመሪያው ቀን ያልተነገረ እውነት በኋላ ለመናገር ይበልጥ እንደሚከብድ የተረዱ ይመስለኛል። ኢትዮጵያ የምትጋጠመው ከደቡብ አፍሪካ ጋር ስለ ነበረ ያለ ጨዋታ ለፍጻሜ አለፈች፤ በፍጻሜውም በግብፅ 4 ለ 0 ተሸነፈች። በ1951 ዓ.ም. በካይሮ በተደረገው በሁለተኛው ውድድርም ግብፅ እንደገና 4 ለ 0 አሸነፈችን፤ ሱዳንም 1 ለ 0 አሸነፈችን። በሁለት ውድድር ኢትዮጵያ አንዲት ጎል እንኳ አላገባችም።

ሦስተኛው ውድድር በ1954 ዓ.ም. በአዲስ አበባ እንዲደረግ ተወሰነ። የኢትዮጵያን ቡድን የማሠልጠኑ ኃላፊነት በአቶ ይድነቃቸው ላይ ወደቀ። ተጫዋች የነበረ ሰው አሠልጣኝ ሲሆን ሥራው ይቀላል የሚሉ አሉ። እኔ ግን የሚከብድ ይመስለኛል። ተጫዋች ሲሳሳት ራሱ ሮጦ ያርመዋል፤ አሠልጣኝ ግን ዳር ቆሞ የሌላውን ሰው እግር ማመን አለበት። ቢያሸንፍ ምስጋናው ለተጫዋቾቹ ነው፤ ቢሸነፍ ወቀሳው የርሱ ነው። በዚያን ጊዜ ደግሞ በአገሩ ሜዳ፣ በንጉሠ ነገሥቱ ፊት፣ ሁለት ጊዜ በአራት ጎል ባሸነፈን ቡድን ላይ ሊሰለፍ ነው።

እግር ኳስ በዚያ ዘመን በአዲስ አበባ ብቻ የተወሰነ አልነበረም። በአሥመራ ብርቱ ቡድኖች ነበሩ። በኛም በኩል የድሬዳዋ ጥጥ ፋብሪካ ቡድን በ1950ዎቹ ዓመታት ደጋግሞ የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ሆኗል። ለውድድሩ የቀረቡት አገሮች አራት ሲሆኑ፣ እነርሱም ኢትዮጵያ፣ ግብፅ፣ ቱኒዝያና ዩጋንዳ ነበሩ። ጥር 6 ቀን ኢትዮጵያ ቱኒዝያን 4 ለ 2 አሸነፈች። ግብፅም ዩጋንዳን 2 ለ 1 አሸንፋ ለፍጻሜ ደረሰች።

የፍጻሜው ጨዋታ የተደረገው ጥምቀት በተከበረ በሁለተኛው ቀን፣ እሑድ ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ነው። በ35ኛው ደቂቃ በደዊ የተባለው የግብፅ ተጫዋች የመጀመሪያውን ጎል አገባ። ኢትዮጵያ እስከ 74ኛው ደቂቃ ድረስ ስትመራ ቆይታ፣ ግርማ ተክሌ አቻ አደረገ። ሕዝቡ ደስታውን ሳይጨርስ፣ በአንድ ደቂቃ ውስጥ በደዊ ሁለተኛውን አገባ። እንዲህ ያለ ነገር የብዙ ቡድን ልብ ይሰብራል። የኛ ቡድን ግን አልተሰበረም። ጨዋታው ሊያልቅ ጥቂት ደቂቃ ሲቀረው አምበሉ ሉቻኖ ቫሳሎ እንደገና አቻ አደረገ። በተጨመረው ሰዓት የሉቻኖ ወንድም ኢታሎ ቫሳሎ ሦስተኛውን፣ መንግሥቱ ወርቁ ደግሞ አራተኛውን አገቡ። ኢትዮጵያ 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ወሰደች። እስከ ዛሬም ድረስ በወንዶች እግር ኳስ ያገኘነው የአፍሪካ ዋንጫ ያ አንድ ብቻ ነው።

ዋንጫውን ከግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እጅ የተቀበለው አምበሉ ሉቻኖ ነበር። ይህ ሉቻኖ በአሥመራ የተወለደ ሲሆን፣ አባቱ ጣልያናዊ፣ እናቱ ኤርትራዊት ነበሩ። አቶ ይድነቃቸው በወጣትነታቸው ከጣልያን ጋር በአንድ ሜዳ እንዳይቆሙ የተከለከሉ ሰው መሆናቸውን አንርሳ። ሌላ ሰው ቢሆን ያን ቂም ይዞ የጣልያን ስም ያለውን ልጅ በጎሪጥ ባየው ነበር። እርሳቸው ግን የሠሩት የተገላቢጦሹን ነው። የተጫዋቹን አጨዋወት እንጂ የአባቱን አገር አልተመለከቱም። የቫሳሎ ወንድማማቾች ከግርማና ከመንግሥቱ ጋር በአንድ ማልያ ተሰለፉ፤ አራቱም ጎል አገቡ። እኔ ከዚያ ቀን ታሪክ ሁሉ የሚያስደንቀኝ ይህ ነው። የተበደለ ሰው በደሉን በሌላው ላይ ሳይመልስ ሲቀር፣ ያን ጊዜ በእርግጥ አሸነፈ ይባላል።

ከዚያ በኋላ አቶ ይድነቃቸው ይበልጥ የሚታወቁት በስብሰባ አዳራሽ ባደረጉት ትግል ነው። እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ1964 የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ምክትል ፕሬዚዳንት፣ በ1972 ደግሞ ፕሬዚዳንት ሆነው ተመረጡ። በ1971 የዓለም አቀፍ የኦሊምፒክ ኮሚቴ አባል ሆኑ። በዓለም እግር ኳስ ፌዴሬሽን በፊፋም የሥራ አስፈጻሚ አባል ሆነው አገልግለዋል። ከአባታቸው የወረሱት የአንደበት ጥራትና ከትምህርት ቤት ያገኙት ቋንቋ በዚህ ጊዜ ጠቀማቸው።

ከትግሎቻቸው አንዱን ልንገራችሁ። ለ1966ቱ የዓለም ዋንጫ ከተመደበው 16 ቦታ ውስጥ ለአፍሪካ፣ ለእስያና ለኦሺያንያ በጠቅላላው የተሰጠው አንድ ቦታ ብቻ ነበር። አፍሪካውያን እርስ በርሳቸው ተጋጥመው ያሸነፈው ቡድን፣ እንደገና የሌላውን አህጉር አሸናፊ ማሸነፍ ነበረበት። ስለዚህ በጋናው በኦሄን ጃንና በአቶ ይድነቃቸው ግፊት የአፍሪካ አገሮች በአንድነት ከውድድሩ ወጡ። በዚያ የዓለም ዋንጫ 9 ጎል አግብቶ አንደኛ የወጣው ኦይዜቢዮ የተወለደው በሞዛምቢክ ነበር፤ የተጫወተው ግን ለፖርቱጋል ነው። አፍሪካ ልጇ ሲጫወት ከውጭ ሆና ተመለከተች። ትግሉ ግን በከንቱ አልቀረም። ከ1970 ጀምሮ ለአፍሪካ የራሷ የሆነ አንድ ቦታ ተሰጣት፤ በ1982 ሁለት ሆነ። በ1978 ቱኒዝያ ሜክሲኮን 3 ለ 1፣ በ1982 አልጄርያ ምዕራብ ጀርመንን 2 ለ 1 ስታሸንፍ፣ ቦታው ለአፍሪካ የሚገባ መሆኑን ዓለም ሁሉ በዓይኑ አየ።

ሁለተኛው ትግላቸው የደቡብ አፍሪካ ጉዳይ ነው። ፊፋ ያቺን አገር በ1961 ካገደ በኋላ በ1963 እገዳውን አነሣላት። አፍሪካውያን አጥብቀው ስለ ተቃወሙ ግን በ1964 እንደገና ታገደች፤ በ1976ም ጨርሳ ተባረረች። በዚህ ሁሉ ዓመታት ውስጥ አቶ ይድነቃቸው በካርቱም ከያዙት አቋም ንቅንቅ አላሉም።

ስለ ሰው ስንጽፍ ምስጋናውን ብቻ መደርደር ተገቢ አይደለም። አቶ ይድነቃቸው የአፍሪካ ተጫዋቾች ገንዘብ ፍለጋ ወደ ኤውሮፓ መፍለሳቸውን አይወዱም ነበር። የአፍሪካ ኳስ ልጆቹን እያጣ ይዳከማል ብለው ይሠጉ ነበር። ዛሬ በየቴሌቪዥኑ የምናያቸው አፍሪካውያን በኤውሮፓ ተጫውተው ቤተሰባቸውን ሲረዱ ስናይ፣ በዚህ ነገር የዘመኑ ሂደት ከእርሳቸው ሐሳብ ውጭ እንደ ሄደ እንረዳለን። ነገር ግን የአገር ውስጥ ውድድር በየአገሩ ባዶ ሲቀር ስናይ ደግሞ፣ ሥጋታቸው ያለ ምክንያት እንዳልነበረ እንገነዘባለን።

አቶ ይድነቃቸው በኮንፌዴሬሽኑ ፕሬዚዳንትነት ላይ እንዳሉ ታመው፣ ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ዐረፉ። ዕድሜያቸው ስድሳ አምስት ዓመት ከአሥራ አንድ ወር ነበር። ደቡብ አፍሪካ ያን ጊዜ ገና በአፓርታይድ ሥር ነበረች። የጀመሩት ነገር ሲፈጸም ለማየት አልታደሉም።

ይሁን እንጂ ተፈጸመ። ደቡብ አፍሪካ በ1992 ወደ ዓለም እግር ኳስ ተመለሰች፤ በ1996ም የአፍሪካን ዋንጫ አዘጋጀች። በጆሃንስበርግ በተደረገው ፍጻሜ ቱኒዝያን 2 ለ 0 አሸንፋ ዋንጫውን ወሰደች። ቡድኑ ነጩም ጥቁሩም ክልሱም በአንድነት የተሰለፉበት ነበር። ብዙዎቹ ተጫዋቾች ጥቁሮች ሲሆኑ፣ አምበሉ ኒል ቶቬይ ነጭ ነበር፤ ፕሬዚዳንት ኔልሰን ማንዴላም የቡድኑን ማልያ ለብሰው በደስታው ላይ ተገኝተዋል። በ1949 ዓ.ም. በካርቱም አይቻልም የተባለው የተቀላቀለ ቡድን ይኸው ነበር። ኢትዮጵያ ደግሞ ለ31 ዓመት ከአፍሪካ ዋንጫ ርቃ ቆይታ እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ2013 ስትመለስ፣ ውድድሩ የተደረገው በዚያችው በደቡብ አፍሪካ ነበር።

ይህ ሁሉ ለኛ ለቀብሪበያ ልጆች ምን ያስተምረናል? በኛ ከተማ በብዙ ዓይነት መንገድ የመጡ ሰዎች ይኖራሉ። እዚሁ ተወልዶ ያደገ አለ። ወላጁ ለመንግሥት ሥራ ወይም ለንግድ ከደጋው የመጣ አለ። በ1983 ዓ.ም. ጦርነትን ሸሽተው ከሶማሊያ የመጡ ሰዎች ልጆችና የልጅ ልጆችም በመጠለያው ጣቢያ አሉ። ማታ ማታ በሠፈራችን ሜዳ ቡድን ስንከፋፈል፣ እገሌ የኛ አይደለም፣ እርሱ ከጣቢያው ነው፣ ያኛው ቋንቋችንን አያውቅም የሚል ክርክር አልፎ አልፎ ይነሣል። ክርክሩ ትንሽ ይመስላል። ነገር ግን አንድ ልጅ ሜዳው ዳር ቆሞ ሌሎች ሲጫወቱ ሲመለከት የሚሰማው ነገር ትንሽ አይደለም። ወጣቱ ይድነቃቸው በጣልያን ዘመን የተሰማቸው ይኸው ነበር።

እኔ በበኩሌ ከእርሳቸው ሕይወት የወሰድሁት ትምህርት ይህ ነው። ሜዳ ላይ የሚጠየቀው ጥያቄ አንድ ብቻ ነው፤ እርሱም ኳሱን እንዴት ትጫወታለህ የሚለው ነው። ከየት መጣህ፣ አባትህ ማን ነው፣ ቤትህ የምትናገረው ምንድን ነው የሚሉት ጥያቄዎች ከሜዳው ውጭ ይቅሩ። መምህሮቻችን ቡድን ሲመርጡ፣ ወላጆቻችንም ልጆቻቸው ከማን ጋር እንደሚጫወቱ ሲጠይቁ ይህን ቢያስታውሱ ደስ ይለኛል። እኛ ተማሪዎች ደግሞ ነገ ከሰዓት በኋላ ድንጋዩን ደርድረን ጎል ስንሠራ፣ ዳር የቆመውን ልጅ ስሙን ጠይቀን እናስገባው። ጎል ያገባልን ይሆናል።